ትምህርት ቤቱ የራሱን ዓመት ይቆጥራል፤ የመምህሩንስ?

ድሬዳዋ ውስጥ በአንድ የግል ትምህርት ቤት የክፍያ ጭማሪ ስብሰባ ላይ ነበርኩ። የተጠራሁት እንደ ወላጅ ነው። ግን ዘጠኝ ዓመት የግል ትምህርት ቤት መምህር ስለነበርኩ የመምህራን ነገር ሲነሳ ዝም ብዬ ማለፍ አልችልም። አንዲት እናት ተነስተው ጭማሪው ለመምህራኑ ይደርስ እንደሆነ ጠየቁ። ባለቤቱ መለሱ። እዚህ ቤት በዓመት ብዛት የሚያድግ ሰው የለም፣ ዓመት መቁጠር መምህርን ያሰንፋል፣ አገልግሎቴ ይቆጠርልኝ የሚል መንግሥት ትምህርት ቤት ይግባ አሉ። አዳራሹ ጸጥ አለ። ለመናገር ስነሳ ስብሰባው ተዘጋ። እስካሁን ያንገበግበኛል።

ያሰንፋል? መንግሥት ቤት ያለውን አሠራር የሚያውቅ ሰው እንዲህ አይልም። ከጀማሪ መምህር ወደ መለስተኛ፣ ከዚያ ወደ መምህር፣ ወደ ከፍተኛ መምህር እያለ እስከ ከፍተኛ መሪ መምህር የሚደርስ እርከን አለ። እዚያ ላይ ለመውጣት ዓመቱም መሙላት አለበት፣ የሥራ አፈጻጸም ውጤቱም ማለፍ አለበት። ሁለቱም። ዓመቴን ብቻ ቁጠሩልኝ ያለ መምህር እኔ አላየሁም። ያልተጠየቀ ነገር ፈጥሮ እሱን መቃወም ክርክር አይባልም።

አሁን ወደ ዋናው ነገር ልምጣ። ባጃጅ ይዛችሁ ከለገሀሬ እስከ ሳቢያን ሂዱና የግል ትምህርት ቤቶችን ማስታወቂያ አንብቡ። የተመሠረተበት ዓመት በትልቁ ተጽፏል። ስንት ዓመት እንዳስተማረ ተጽፏል። "ልምድ ባላቸው መምህራን" የሚለው ባነር በየክረምቱ ይሰቀላል። ወላጅም ይህን አይቶ ይከፍላል፣ እኔም አይቼ ከፍያለሁ። ታዲያ ይህ ልምድ የማን ነው? ግድግዳው አላስተማረም። ወንበሩ ፈተና አላረመም። ዓመቱን የሠራው መምህሩ ነው። ትምህርት ቤቱ ይህንን ዓመት ለወላጅ ሲሸጥ ዋጋ አለው፤ መምህሩ ሲጠይቅበት ግን ዋጋ የለውም ይባላል። ይህ ዓይን ያወጣ ነገር ነው፤ ሌላ ስም የለኝም።

አብራኝ የሠራች አንዲት መምህርት አለች። 14 ዓመት ሒሳብ አስተምራለች። ልጆች ክፍልፋይ ላይ የት እንደሚሳሳቱ ገና ሳይጽፉ ታውቃለች። አዲስ የሚቀጠሩ ወጣቶች ሌሰን ፕላን ይዘው የሚመጡት ወደ እሷ ነው። ከሁለት ዓመት በፊት እሷ ያለማመደችው ልጅ ዛሬ የዲፓርትመንት ኃላፊዋ ነው። ልጁ ጎበዝ ነው፣ እሱ ላይ ቅሬታ የለኝም። ግን ቦታው ክፍት መሆኑ አልተለጠፈም። መስፈርት አልወጣም። ተወዳደሪ ያላት ሰው የለም። ደመወዙም ከእሷ ይበልጣል፣ ምክንያቱም አዲስ ሰው ሲቀጠር በወቅቱ ዋጋ ይደራደራል፣ የቆየ ሰው በቆየበት ይቀራል። ስለዚህ የግል ትምህርት ቤት መምህር ደመወዙን ለማሳደግ ያለው መንገድ አንድ ነው፤ ለቅቆ ሌላ ቤት መግባት። በየመስከረሙ ልጆቻችን አዲስ ፊት የሚያዩት ለዚህ ነው። የሚጎዳው መምህሩ ብቻ አይደለም፣ ልጄም ነው።

ከዚህ የባሰም አለ። አንዳንድ ቤቶች መምህሩን በየዓመቱ አዲስ ኮንትራት ያስፈርማሉ። ሰኔ ላይ ያልቃል፣ መስከረም ላይ እንደገና ይጀመራል። ሐምሌና ነሐሴ ደመወዝ የለም። አሥር ዓመት ያስተማረ ሰው በወረቀት ላይ አሥር ጊዜ አዲስ ሠራተኛ ነው። የአሠሪና ሠራተኛ አዋጅ ቁጥር 1156/2011 ግን የሥራ ውል በመርህ ደረጃ ላልተወሰነ ጊዜ ነው ይላል፤ ለተወሰነ ጊዜ የሚፈረምባቸውን ሁኔታዎች ለይቶ ዘርዝሯል። ማስተማር በየዓመቱ የሚመለስ ቋሚ ሥራ ነው። ይኸው አዋጅ ዓመት ይቆጥራል። የዓመት ፈቃድ ለመጀመሪያው ዓመት 16 የሥራ ቀን ነው፣ በየሁለት ዓመቱ አንድ ቀን ይጨምራል። የስንብት ክፍያ ለመጀመሪያው ዓመት የ30 ቀን ደመወዝ ነው፣ ለእያንዳንዱ ተጨማሪ ዓመት የዚያ አንድ ሦስተኛ ይታከላል። የሚገባው ሰው 10 ዓመት ከሠራ የ120 ቀን ደመወዝ ያገኛል። ሰኔ ላይ የሚቆረጠው ኮንትራት የሚበላው ይህንን ነው።

አዋጁ ባለቤቱን መምህር አሳድግ ብሎ አያስገድደውም። እሺ። ግን ዕድገት በኅብረት ስምምነት፣ ማለትም የሠራተኛ ማኅበርና አሠሪው በጽሑፍ በሚስማሙበት ውል፣ ሊወሰን እንደሚችል ይፈቅዳል፤ የሠራተኛ ማኅበር ለማቋቋም ደግሞ 10 አባል ይበቃል። የትኛው ትምህርት ቤት ነው 10 ሠራተኛ የሌለው? አቅም የለንም የሚሉም አሉ። የዕድገት መስፈርት ጽፎ መምህራን ክፍል መለጠፍ የሚፈልገው አንድ ወረቀት ነው።

በሚቀጥለው የክፍያ ስብሰባ ቀድሜ እጄን አወጣለሁ። ስለ ጭማሪው መጠን አልጠይቅም። የመምህራን የዕድገት መመሪያ በጽሑፍ አላችሁ ወይ፣ ካላችሁ አሳዩን እላለሁ። ያቺ እናት አጠገቤ ቢቀመጡ ደስ ይለኛል።