ጫጩት የወሰደ ጭልፊት ሊገደል ይገባል?

በደጋው አገራችን ከመብራት ምሰሶ ጫፍ ላይ የሚታየው፣ ጀርባው ጠቆር ያለ፣ ጅራቱ ዝገት የመሰለ ቀይ የሆነው ጭልፊት በጫጩት ሌብነት ይከሰሳል። ሁለት ጸሐፊዎች በፍርዱ ላይ ተከራክረዋል።

ይገባል ባይ፦ አንዲት የገጠር እናት ካስታቀፈቻት ዶሮ ጫጩቶች ሦስቱ በአንድ ሳምንት ሲሞጨለፉባት፣ የአዕዋፍን ጥቅም ቁጭ ብለሽ አስቢ ማለት ግፍ ነው። የዶሮና የእንቁላል ገንዘብ በአመዛኙ በሴቲቱ እጅ ያለ፣ ጨውና ደብተር የሚገዛበት ገንዘብ ነውና። ወንጭፍም ሆነ ወጥመድ የሴቲቱ መብት ሊሆን ይገባል።

አይገባም ባይ፦ ኪሳራዋን አልክድም፤ ተከራካሪዬ ግን ሌባውን ሳይለዩ ፈረዱ። «ጭልፊት» የሚለው ስም ብዙ ዓይነት አዳኝ ወፎችን ያጠቃልላል። ከመንደር የማይርቀው፣ ከቄራና ከገበያ ሥጋ ነጥቆ የሚበረው፣ ጅራቱ መሐሉ ላይ ገባ ያለው ቡናማ ወፍ አንዱ ነው፤ ጀርመናዊው ኤድዋርድ ሩፔል በ1836 እ.ኤ.አ. ለሳይንስ ያስተዋወቀው ባለ ቀይ ጅራቱ ግን ሌላ ነው። የዚህኛው ዋና ምግብ አይጥ፣ ፍልፈልና እባብ ሲሆን፣ በባሌ ተራሮች ቀይ ቀበሮ በምድር የሚያሳድዳቸውን አይጦች እርሱ ከላይ ሆኖ እያደነ ይበላቸዋል፤ ምሰሶ ላይ ተቀምጦ ሣሩን ሲቃኝ የሚውለውም ስለዚህ ነው። ጫጩት ከቶ አይነካም ብዬ አልምልም። ሆኖም ገብስና ስንዴ በሚያሸትበት ወራት በማሳው የሚራባውን አይጥ ያለ ደመወዝ የሚጠብቅልን እርሱ ነው፤ የሚጥለውም እንቁላል ብዙውን ጊዜ ሁለት ገደማ በመሆኑ አንድ ጥንድ ቢገደል በቶሎ አይተካም።

ይገባል ባይ፦ እኔም ሁለቱን አንድ አድርጌ መኖሬን አምናለሁ። ነገር ግን ከሰማይ እንደ ድንጋይ የሚወርድን ወፍ ጅራቱን አይቶ የሚለይ ማን ነው? ጥቅሙ ለማሳው ሁሉ፣ ጉዳቱ ግን ለአንዲት ቤት መሆኑስ?

አይገባም ባይ፦ ለዚህ ነው ጫጩቶቹ እስኪጠነክሩ ድረስ ከእናታቸው ጋር በቅርጫት ሥር ይዋሉ የምለው፤ ያን ጊዜ ወፉን መለየትም አያስፈልግም። ተከራካሪዬ ወንጭፍን ጠቀሱ፤ እኔን ይበልጥ የሚያሰጋኝ ግን መርዝ የተቀባ ሥጋ ነው። እርሱ ጥንብ አንሳውንም፣ የዚያችኑ ቤት ውሻም ሳይለይ ይገድላል።