ሬሳ ሆኖ የተሰናበተው ኮሜዲያን

ዝም ባለ አፍ ዝንብ አይገባም ይባላል። ሆሊውድ በፈረንጆቹ እስከ 1927 ድረስ ድምፅ አልባ ፊልም እየሠራች በዚሁ ተረት እንጀራዋን ስትበላ ኖራለች። ተዋናዩ ይሮጣል፣ ይወድቃል፣ ፊቱን ያጨማድዳል፤ የሚለውን ነገር ጽሑፍ ይልለታል። ድምፁ ይቅጠን ይወፍር ማን ጠይቆት!

ሬይመንድ ግሪፊዝ የተመቸው በዚያ ዘመን ነው። ቦስተን የተወለደው ይህ ሰው በልጅነቱ ጉሮሮው ስለተጎዳ ከሹክሹክታ ያለፈ ድምፅ አልነበረውም። እሱ ራሱ መድረክ ላይ በየማታው ስጮህ ነው የጠፋብኝ ይል ነበር፣ ሌሎች በሽታ ነው ይላሉ። እኔ የእሱን ነው የምወስደው፣ ወሬ ከሆነ አይቀር ያማረው ይሻላል። ብቻ ረጅም የሐር ባርኔጣውን ደፍቶ ፓራማውንት የሚባለው የፊልም ኩባንያ ቤት ስም አወጣ። ቻፕሊንን አላከለም፣ ግን ያስቅ ነበር።

ከዚያ ፊልም ላይ ድምፅ መጣና ሁሉም ግራ ገባው። ማይክሮፎኑን የአበባ ማስቀመጫ ውስጥ ይደብቁታል፤ አፍቃሪው «እወድሻለሁ» የሚለው ለልጅቷ መሆኑ ቀርቶ ለአበባው ሆነ። ካሜራው ስለሚንኳኳ ከነካሜራማኑ ድምፅ በማያሳልፍ ሳጥን ይዘጉበታል፣ ሰውዬው እዚያ ውስጥ እንደ ሽሮ ሲንተከተክ ይውላል። ትናንት ኮከብ የነበረው ሁሉ የንግግር አስተማሪ ቀጥሮ አፍ መፍታት ጀመረ።

ግሪፊዝስ? አንዳንድ አጫጭር ፊልም ሞካከረ፣ አልሆነም። በ1930 ግን ሉዊስ ማይልስቶን ባዘጋጀው የጦርነት ፊልም ላይ ልኩ የሆነ ሥራ አገኘ። የፈረንሳይ ወታደር ሆኖ ጉድጓድ ውስጥ ዘሎ ይገባል፣ ተወግቶ ይሞታል። የወጋው ጀርመናዊ ወጣት አጠገቡ ቁጭ ብሎ ይቅር በለኝ እያለ ይለምነዋል፣ ያለቅሳል፣ ያወራል፣ ያወራል። ግሪፊዝ ዓይኑን እንደገለጠ ጭጭ። ለቅሶ ቤት እንዲህ ዓይነት ሰው አይጠፋም መቼም፤ በቁሙ ሰላም ብሎት የማያውቀውን ሟች «ወንድሜን!» እያለ ከቤተሰቡ በላይ የሚያወራለት። ሟች መልስ አይሰጥማ። እዚህ ፊልም ላይ ግን ከዚያ ሁሉ ንግግር ይልቅ ሰው ልብ ውስጥ የሚቀረው ያ ዝም ያለ ፊት ነው።

ትወናው እዚያ ላይ አበቃ። ከተማዋን ግን አልለቀቀም፤ ፕሮዲዩሰር ሆነ። በ1937 ሕፃኗ ኮከብ ሸርሊ ቴምፕል በተወነችበት ፊልም፣ በ1939 ደግሞ በዳይሬክተሩ በጆን ፎርድ ፊልም ላይ ተባባሪ ፕሮዲዩሰር ነበር። ድምፁ ያው ሹክሹክታ ነው። ግን አሁን አለቃ ነዋ፤ ያልሰማ ጠጋ ይላል እንጂ «ጮክ በል» የሚለው ማን አባቱ ነው!