መጀመሪያ ፊልሙን እዩት

ወገኖቼ፣ አከራካሪ ጉዳይ የያዘ ዘጋቢ ፊልም በወጣ ቁጥር ቀድማችሁ የምትጠይቁት «ሠሪው የማን ልጅ ነው?» ብላችሁ ነው። ፊልሙን ሳታዩ የአባቱን አገር ታጣራላችሁ፤ ከዚያ የ40 ሰከንድ ቁራጭ ተቀባብላችሁ ትፈርዱበታላችሁ። ይህ ነውር ነው፤ ሰውም ያስገድላል።

ከታሪካችን መማር ነበረብን። በጥቅምት 1966 ዓ.ም. እንግሊዛዊው ጋዜጠኛ ጆናታን ዲምብልቢ የወሎን ረሃብ በአገሩ ቴሌቪዥን አሳየ። ረሃቡ እውነት ነበር፤ መንግሥት መደበቁም እውነት ነበር። ደርግ መስከረም 1 ቀን 1967 ዓ.ም. ያንኑ ፊልም ለሕዝብ ሲያሳይ ግን የቤተ መንግሥት ድግስና ንጉሡ ውሾቻቸውን ሲመግቡ የሚያሳይ ምስል በመሃል አስገባበት። በማግስቱ ንጉሡ ከዙፋን ወረዱ። ለየብቻ የተቀረጹ ምስሎች ጎን ለጎን ሲቀመጡ፣ ማንም ቃል ሳይናገር ፍርድ ሆኑ። ያው ደርግ ከ10 ዓመት በኋላ የአብዮት በዓሉን ሲያከብር የራሱን ዘመን ረሃብ ሸሸገ፤ ኬንያዊው የካሜራ ባለሙያ መሐመድ አሚን ከኮረም የቀረጸው ምስል በጥቅምት 1977 ዓ.ም. አጋለጠው።

እንግዲህ በፊልም ውስጥ ምስልና ድምፅ የተቀጣጠሉበትን መገጣጠሚያ ማየት ልመዱ። ሰው እየተናገረ ምስሉ ድንገት ወደ ገበያ ወይም ወደ ተራራ ሄዶ ድምፁ ብቻ ከቀጠለ፣ እዚያ ጋ ንግግሩ ተቆርጦ ሊሆን ይችላል። ሁልጊዜ ተንኮል አይደለም፤ የሰዓታት ቃል ወደ ጥቂት ደቂቃ ሲወርድ መቁረጥ ግድ ነው። ሆኖም የተናጋሪው ድምፅ ገና ከፍ እንዳለ ዓረፍተ ነገሩ ካለቀ፣ ወይም ከጀርባ ያለው የክፍሉ ድምፅ በድንገት ከተለወጠ፣ «ግን» ብሎ የቀጠለው ነገር ወጥቶ ይሆናል ብላችሁ ጠርጥሩ። ጥያቄው ያልተሰማን መልስ አትጥቀሱ። ጠያቂው ራሱን ሲነቀንቅ የሚታየውም፣ ካሜራው አንድ ከሆነ፣ ለብቻው የተቀረጸ ነው። ንግግር የሌለበትን ትዕይንት ደግሞ ድምፁን ዘግታችሁ ድገሙት፤ ቁጣችሁ ከበረደ ያስቆጣችሁ ሙዚቃው ነበር።

ከሁሉ የሚከፋው በምስክሮች ላይ የምትሠሩት ነው። ፊቱ የተሸፈነን ሰው ማንነት መገመት ጨዋታ አድርጋችሁታል። ፊት ቢደበዝዝም የአንገት ንቅሳት፣ የእጅ ጠባሳ፣ ከኋላ የሚታይ በር ሰውን ያሳብቃል። ማንነቱ እንዳይታወቅ እንዲጎረንን የተደረገ ድምፅም በሶፍትዌር ወደ ነበረበት ሊመለስ ይችላል። ጠንቃቃ ባለሙያ የምስክሩን ቃል በሌላ ሰው የሚያስነብበው ለዚህ ነው፤ እናንተ ግን ይህንኑ ጥንቃቄ «ተዋናይ ቀጥሮ ነው» ለማለት ትመዙታላችሁ። ልጇ የተጠለፈባት እናት ይህን አይታ ዳግመኛ ካሜራ ፊት ትቀመጣለች?

ሠሪውን መሞገት መብታችሁ ነው፤ አጥብቃችሁም ሞግቱት። ደቂቃውን ጠቅሳችሁ ይህ ምስል መቼና የት እንደተቀረጸ፣ ከመልሱ በፊት የነበረው ጥያቄ ምን እንደነበር፣ የተከሰሰው ወገን መልስ እንዲሰጥ ተጠይቆ እንደሆነ ይንገራችሁ። ብሔሩን ከክርክሩ አውጡት። የምስክር ስም፣ ፎቶ ወይም ሰፈር የለጠፋችሁ ደግሞ ዛሬውኑ አጥፉት፤ የላካችሁላቸውም እንዲያጠፉ ንገሯቸው።