ማስተካከያ፦ ሰርቢያ በፕለም ምርት ከዓለም አንደኛ አይደለችም

ስለ ሰርቢያ የፕለም ምርት ቀደም ሲል ባቀረብኩት ጽሑፍ አገሪቱን «ከዓለም ቀዳሚዋ አምራች» ብዬ መጥራቴ ስህተት ነበር። የተባበሩት መንግሥታት የምግብና የእርሻ ድርጅት (ፋኦ) ባወጣው አኃዛዊ መረጃ መሠረት፣ በ2019 እ.ኤ.አ. በዓለም ከተመረተው 12.6 ሚሊዮን ቶን ገደማ ውስጥ ከግማሽ በላይ የሚሆነው የቻይና ሲሆን፣ ሰርቢያና ሩማንያ ከእርሷ እጅግ ርቀው ይከተላሉ።

ሁለተኛው ስህተት የአኃዙን ምንነት ይመለከታል። ድርጅቱ ፕለምንና «ስሎ» የተባለውን፣ በእሾኻማ ቁጥቋጦ ላይ የሚያፈራውን ትንሽና ጎምዛዛ የዱር ዝርያ በአንድ መደብ ስለሚቆጥር፣ ቁጥሩን የፕለም ብቻ አድርጌ ማቅረብ አልነበረብኝም፤ ምንም እንኳ ስሎ በአብዛኛው ከዱር የሚለቀም በመሆኑ የንግድ ድርሻው አነስተኛ ቢሆንም።

ሦስተኛ፣ ከአንድ ዓመት የምርት መቀነስ ተነሥቼ ዘርፉ እያሽቆለቆለ ነው ማለቴም አይጸናም። በአበባ ወቅት የሚወርድ ውርጭ የአንድን ዓመት ምርት ክፉኛ ሊቀንሰው ስለሚችል፣ አዝማሚያን ለማወቅ የበርካታ ዓመታትን አማካይ ማየት ያስፈልጋል። በሰርቢያ ከፕለም ስለሚወጣው ሽሊቮቪጻ የተባለ አረቄ የጻፍኩት ግን እንዳለ ይቆያል።