ለባለ ሁለት ቀለሙ መስታወት የተጻፈ ግልጽ ደብዳቤ

ለ፦ በመዝገብ ቤቱ አዳራሽ ለቆሙት ባለ ሁለት ቀለም መስታወት
ባሉበት

ጉዳዩ፦ በራሰ በራነቴ ስለተሰጠው አገልግሎት

ክቡር ሆይ፣

በቅድሚያ የከበረ ሰላምታዬን አቀርባለሁ። የዘገየው ሰልፍ ላይ ስለነበርኩ ነው።

ጥበብዎን አልክድም። በውስጥዎ በዓይን የማይታይ የወርቅና የብር ብናኝ እንዳለ እናውቃለን። ብርሃን ከፊት ሲያርፍብዎ አረንጓዴ ነዎት፤ ከኋላ ሲያልፍብዎ ቀይ። ከዓለም ማዶ የመጣ አንድ ነጋዴ እንዳወራን በእነርሱም ዘንድ ዘመድ አለዎት፤ በ4ኛው መቶ ክፍለ ዘመን ሮማውያን የሠሩት፣ ቁመቱ 16 ሴንቲ ሜትር ተኩል ያህል የሆነ ጽዋ። በእነርሱ አቆጣጠር ከ1958 ጀምሮ ለንደን ባለው የብሪታንያ ሙዚየም ተቀምጧል። እሱም አረንጓዴ ይሆናል፣ እሱም ቀይ ይሆናል። ቀይ ስለሆነ ግን የማንም ጉዳይ አይዘጋም።

ለእርስዎ ሹመት ሰጡዎት። «አረንጓዴ ሲሆን ይስተናገዳሉ፤ ቀይ ሲሆን አገልግሎት የለም» የሚለውን ሰሌዳ ማን እንደለጠፈው የሚያውቅ የለም። ማን እንደሚያነሣውማ ጭራሽ።

ወደ ትናንቱ ልምጣ።

የመጣሁት የጣሪያ መስኮት ለመክፈት ፈቃድ ፍለጋ ነበር። (ያለ ፈቃድ ፀሐይ ወደ ቤቱ ያስገባ ሰው እንደሚቀጣ ታውቃላችሁ፤ ለክቡርነታቸው የሚደርሰው ይቀንሳል ተብሎ።) ቅጽ ሰባትን «የአመልካቹ የጥላ ርዝመት» የሚለው ሳይቀር በሦስት ቅጂ ሞልቻለሁ። ተራዬ ደረሰ። እርስዎ አረንጓዴ፣ እኔ ፈገግታ በፈገግታ። ጸሐፊዋ ከጀርባዎ ሆና ወረቀቴን ተቀበለች፣ ዓይኗን አጠበበች፣ «ጨለማ ነው፣ አይነበብም» አለችና ኩራዟን ለኮሰች። ቀይ ሆኑ። በጣቷ ሰሌዳውን አሳየችኝ። ኩራዙን እፍ አለችው። አረንጓዴ ሆኑ። ታዲያ አሁን ትቀበይኛለሽ? አሁንማ አይነበብም። ለኮሰች። ቀይ።

ይህን ስንመላለስበት ዘበኛው ራሴን አየ። አተኩሮ ነው ያየው። ከጣሪያው የወረደው ጮራ አናቴ ላይ አርፎ ወደ እርስዎ ሲመለስ፣ ኩራዙ እየነደደ እንኳ ያ ጥግ አረንጓዴ ሆኖ ቀርቷል። «አባባ፣ እስቲ ትንሽ ጎንበስ ይበሉ።» ጎንበስ አልኩ። «ወደ ግራ።» ወደ ግራ ሄድኩ። «እንደዚያው ይቆዩልን!» አዳራሹ አጨበጨበ።

ከኋላዬ የነበረው ሰው «ይቅርታ ጋሼ» ብሎ አልፎኝ ተስተናገደ። የሚቀጥለውም። ከእሱ ቀጥሎ ያለችውም፣ እናቷን ጠርታ። ያ ሰልፍ እንደዚያ ሲነጉድ አይቼ አላውቅም። ላብ ሲያጠምቀኝ መሐረብ ላወጣ ስል አንዱ ደግ ሰው «አይጥረጉት፣ ላቡ ያብለጨልጭልዎታል» ብሎ መከረኝ። አንገቴ ዝሎ ቀና ባልኩ ቁጥር እርስዎ ይቀላሉ፣ ሰልፈኛው በአንድ ድምፅ «ኧረ ጋሼ!» ይላል። የራሴን ወረቀት ላቅርብ ብዬ ወደ መስኮቱ ስጠጋ ደግሞ ጮራው ከአናቴ ይወርዳል፤ ቀይ፤ አገልግሎት የለም። እናም በእኔ ራስ ከተማው በሙሉ ተስተናግዶ እኔ ብቻ ቀረሁ።

ፀሐይ ስትጠልቅ ዘበኛው መዝገቡን ገልጦ ጻፈኝ፦ «ጊዜያዊ የብርሃን ዕቃ፣ አንድ።» ጉዳዬስ ብዬ ብጠይቅ፣ ዕቃ አቤቱታ አያቀርብም ተባልኩ። ነገ በጠዋት እንድመጣ፣ ቆብም እንዳላደርግ ታዝዤ ተሰናበትኩ።

ጥላው ይከብድዎታል ተብሎ የተቆረጠውን የጓሮዬን ዛፍ ትቼዋለሁ። የነጸብራቅ መዋጮውንም እንደ ሁላችሁ እከፍላለሁ።

ያለፈውን ክረምት ግን አልተውም። አንዲት እናት ትኩሳት የሚያቃጥለው ልጅ ታቅፋ፣ ለመድኃኒተኛው የምታሳየውን ወረቀት ማኅተም ልታስመታ ቆማ ነበር። የቀትር ፀሐይ ኩራዙን ያሸነፈባት ያቺ ብርቅ ሰዓት ናት። ወረቀቱ ተነቧል፣ ማኅተሙ ቀለም ነክቷል፣ የጸሐፊው እጅ አየር ላይ ነው። በዚህ መሐል ዘንዶው ከጣሪያው በላይ አለፈ፣ ጥላው አዳራሹን ዋጠው፣ አንተም ቀላህ። እጁ ወደ ቦታው ተመለሰ። «ነገ» አላት። የልጁ ትንፋሽ ሲያቃስት በሩ ድረስ ይሰማ ነበር፤ ለጉብኝት የመጡት እንግዶች «እንዴት ያለ ቀይ ነው!» እያሉ አንተን ያደንቃሉ። አንድ ስንዝር ነበር የቀረው። ያ ሰው ዓይን አለው፣ ልጁን አይቷል። እጁን እንዳያወርድ ያደረገው አንተ አይደለህም፣ መስታወት ነህ። ነገር ግን ከኋላህ ይደበቃሉ፤ አንተም ታምራለህ፣ ይበቃቸዋል።

አንቱታዬ አምልጦኝ ነበር፣ መልሼዋለሁ።

ክቡርነትዎ ከሹመትዎ ወርደው እንደ ጌጥ ብቻ ይቁሙ አልልም። ለዚያ ራሱን የቻለ ቅጽ አለ፤ የሚሰጠው እርስዎ ቀይ ሲሆኑ ነው። የምጠይቀው ትንሽ ነው፦ ወይ የጣሪያዬን ፈቃድ፣ ወይ ደመወዝ። ዕቃ ደመወዝ የለውም ከተባለም የቅባት አበል ይታሰብልኝ። ዕቃ መቼም ይወለወላል።

ከሰላምታ ጋር

ግልባጭ፦
ለመስኮት 3 (ኩራዙ ሲበራ የሚነበብ)
ለባለቤቴ፣ ቁርስ እንዳትጠብቀኝ
ለዘንዶው፣ እንዲያውቀው