አናንሲ ውሸቱን የት ጣለው?

ባለፈው እሑድ አራት ኪሎ አንድ ጁስ ቤት ቁጭ ብለን የእህቴ ልጅ ስልኬን ቀማኝና «ስታቲክ ሾክ» የሚባለውን ካርቱን ከፈተ። ትንሽ ቆይቶ «አጎቴ፣ ይሄ ጥቁር ስፓይደርማን ነው?» አለኝ።

አይደለም። አናንሲ ነው። የጋናዎቹ አካኖች ተረት ውስጥ ያለው ሸረሪት። ስሙ ራሱ በቋንቋቸው ሸረሪት ማለት ነው።

ካርቱኑ ከ2000 እስከ 2004 እ.ኤ.አ. አሜሪካ ውስጥ የታየ ነው። ዋናው ጀግና ቨርጂል ሆኪንስ ኤሌክትሪክን እንደፈለገ የሚያዝዝ ጎረምሳ ነው፤ የጀግንነት ስሙ ስታቲክ ነው። በ2003 በታየው አንድ ክፍል ከአባቱና ከእህቱ ጋር ጋና ይሄዳል፤ አናንሲንም እዚያ ያገኘዋል።

ደስ የሚለኝ ነገር፣ ለክፍሉ እንግዳው አናንሲ ቢሆንም ለአገሩ እንግዳው ቨርጂል ነው። ልምድ ያለው ታላቅ አናንሲ ነው። አሜሪካዊው አፍሪካን ሊያድን አልመጣም። ቨርጂልም እዚያ ሲደርስ «ጥቁር ልጅ» መሆኑ ቀርቶ እንዲሁ ልጅ እንደሆነ ይሰማዋል። ይሄን ለእህቴ ልጅ ማስረዳት አቃተኝ። አራት ኪሎ ያደገ ልጅ ጥቁርነቱን ማን ነግሮት ያውቃል? ትከሻውን ነቅንቆ ወደ ማንጎ ጁሱ ተመለሰ።

ቅር ያለኝ ሌላ ነው። የተረቱ አናንሲ ውሸታም ነው፤ ሆዳምም ነው። የሰማዩን አምላክ የኒያሜን ተረቶች ለመውሰድ ተርቦቹን ዝናብ መጣ ብሎ ቅል ውስጥ ይከታቸዋል። ነብሩን ኦሴቦን ጉድጓድ ቆፍሮ ይጥለዋል። ዘንዶውን «ከዚህ እንጨት ትረዝማለህ?» ብሎ አጋድሞ ያስረዋል። የካርቱኑ ጸሐፊዎች ተረቱን ያውቁታል፤ የአናንሲ ባላጋራ ያደረጉት ኦሴቦን ነው። ለአናንሲም ዓይን የማታለል ኃይል ሰጥተውታል። ግን ተንኮሉ ኃይል ብቻ ሆኖ ቀረ፤ ጠባዩ ውስጥ የለም። ጨዋ፣ ኮስታራ ሰውዬ ሆነ። አለቃ ገብረ ሃናን ካባ አልብሳችሁ፣ ነገር መወርወር ከልክላችሁ፣ ሌባ እንዲያሳድዱ ብታደርጓቸው ማን ያውቃቸዋል?

ለምን እንዳደረጉት ግን ይገባኛል። ስታቲክን የፈጠሩት እነ ድዌን ማክዱፊ በ1993 ማይልስቶን የተባለውን የኮሚክ ድርጅት ያቋቋሙት ጥቁር ጀግና በኮሚክ መጻሕፍት ውስጥ ብርቅ ስለነበረ ነው። ከአፍሪካ አንድ ጀግና ብቻ ሲጋበዝ አህጉሩን በሙሉ ይሸከማል፤ መዋሸት አይችልም። አሥር ቢሆኑ አንዱ ዋሾ ቢሆን ማን ይቆጣ ነበር?

ወደ ቤት ስንመለስ ታክሲ ውስጥ የዘንዶውን ተረት ነገርኩት።

«ለምን እሺ አለው?» አለኝ።

«ቁመቱን ሊያሳይ።»

«ጉረኛ!» ብሎ ሳቀ። ካርቱኑን ሲያይ አንዴም አልሳቀም ነበር።