ይድረስ ለአቶ «ምን አገባህ»፤ ባሉበት

ጉዳዩ፦ ያልተመዘገብኩበትን ቦታ ስለመጠየቄ

ጤና ይስጥልኝ አቶ ምን አገባህ። እኔ ከድሬ ሙቀት በስተቀር ደኅና ነኝ። እርስዎ እንደሚደላዎት አውቃለሁ፤ ቬንትሌተር ያለበት ክፍል ሁሉ ውስጥ አይቼዎታለሁ።

ትውውቃችን የቆየ ነው። ልጅ ሆኜ ሳቢያን ላይ የጎረቤት ቧንቧ ሌሊቱን ሲፈስ አድሮ «ኧረ ዝጉት» ስል ብቅ ያሉት እርስዎ ነበሩ። ያኔ ግን ሕግ የተማሩ አይመስለኝም ነበር።

ባለፈው ወር ለአንዲት ማኅተም ወደ አንድ መሥሪያ ቤት ሄድኩ። ተራዬ እስኪደርስ የማስታወቂያ ሰሌዳውን አነብባለሁ። መስታወቱ ተቆልፏል፤ ቁልፉን የያዘው ሰው ፈቃድ ላይ ነው አሉ። ከውስጥ ክፍት የሥራ ቦታ ተለጥፏል፦ ቡድን መሪ፣ ብዛት 1። ምዝገባው ዓርብ ከሰዓት በኋላ ተጀምሮ ሰኞ ጠዋት ያልቃል። (ድሬ ውስጥ ዓርብ ከሰዓት ቢሮው የሚገኝ ሠራተኛ ካለ ያለ ውድድር ይሾምልኝ።) የሥራ ልምድ 4 ዓመት፤ ከዚህ ውስጥ 2 ዓመት ከ3 ወሩን «በዚሁ ቡድን» የሠራ። ይሄ የሰው ልክ ነው። የቀፊራ ልብስ ሰፊ እንኳ ደንበኛው ቢወፍር ብሎ ትንሽ ጨርቅ ወደ ውስጥ ያጥፋል።

ዞር ስል የቡድን መሪው በር ላይ የስም ሰሌዳ አለ። ማስታወቂያው ትናንት የተለጠፈ ነው፤ የስም ሰሌዳው ግን አቧራ ለብሷል።

«ይሄ ቦታ ሰው የለበትም እንዴ?» አልኳት መዝገብ ቤቷን።

«በተጠባባቂነት ነው፣ አቦ።»

«ከመቼ ጀምሮ?»

ቀና ብላ አየችኝ። «አንተ ተመዝግበሃል?»

«አይ።»

«ታዲያ ምን አገባህ?»

እንኳን ደኅና መጡ አልኩ በሆዴ።

ነገሩ አላስተኛ ስላለኝ ፍርድ ቤት በር ላይ ማመልከቻ የሚጽፉ አንድ ጋሼ ዘንድ ሄድኩ። መነጽራቸውን አውልቀው፣ ጠርገው፣ መልሰው አጠለቁና «ፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት፣ ቁጥር 33» አሉ። ከሳሽ የሚሆን ሰው በጉዳዩ ጥቅም ያለው መሆን አለበት። ሕጉ የ1958 ዓ.ም. ነው። ለካ እርስዎ አንቀጽ አለዎት! እኔ ስንት ዓመት ሙሉ ጎረቤት ብቻ ነዎት ብዬ።

ሕገ መንግሥቱስ? አንቀጽ 12 የመንግሥት አሠራር ለሕዝብ ግልጽ ይሁን ይላል። አንቀጽ 37 ደግሞ ማኅበርም ሆነ ተመሳሳይ ጥቅም ያላቸውን ሰዎች የሚወክል ግለሰብ ፍርድ ቤት መቅረብ ይችላል ይላል። «ተመሳሳይ ጥቅም» የምትለዋ ላይ ግን ወንበር ስበው ተቀምጠው አገኘሁዎት። የአስተዳደር ሥነ ሥርዓት አዋጁ፣ 1183/2012፣ የድሬዳዋን ቢሮዎችም ይመለከታል ተባልኩ፤ የቢሮ ውሳኔ በፍርድ ቤት ይከለስልኝ ማለት ይቻላል። ደስ ብሎኝ ሄድኩ። በሩ ላይ ማን ቆሟል?

እሺ፣ ጥቅም ያለው ሰው ይክሰስ ብዬ የእህቴን ልጅ ፈለግኳት። እሷ ሰኞ በጠዋት ተሰልፋ ተመዝግባለች። «አጎቴ፣» አለችኝ፣ «ሌላ ማስታወቂያ ሲወጣ ስሜን በቀይ እስክሪብቶ እንዲያስታውሱት ነው?» ጥቅም ያላት ትፈራለች፤ እኔ አልፈራም፣ ጥቅም የለኝም። እርስዎ መሀላችን ሆነው ሻይዎን ይጠጣሉ።

ሕንድ አገር እንኳ በእርስዎ ላይ ትንሽ ጨክነዋል። (ድሬ ለሕንድ አዲስ አይደለችም፤ ነጋዴዎቻቸው ከባቡሩ ዘመን ጀምሮ ያውቋታል።) የእነሱ ጠቅላይ ፍርድ ቤትም በመንግሥት ሠራተኛ ጉዳይ የሕዝብ ጥቅም ክስ (የራሱ ጥቅም ያልተነካበት ሰው ለሕዝብ ብሎ የሚያቀርበውን) አልቀበልም ይላል። ያም ሆኖ አንዲት ቀዳዳ ትተዋል፦ የመንግሥት ሹመት የያዘን ሰው «በየትኛው ሥልጣን እዚህ ተቀመጥክ?» ብሎ ለማስጠየቅ ዜጋ መሆን ይበቃል። «ሹመቱን አንተ ራስህ ካልተመኘኸው መጠየቅ አትችልም» አይባልም። እኔ ያን ወንበር በነጻ ቢሰጡኝም አልወስድም፤ ወገቤን ያመኛል።

አንድ ነገር ግን ልጠይቅዎት። ለመንገድ ጠጠር መዋጮ ሰብሳቢው ደረሰኝ ይዞ ሲመጣ የት ይሄዳሉ? ያን ቀን በሬን የሚያንኳኳው ወንድምዎ አቶ «ይመለከተዎታል» ብቻ ነው። ሁለታችሁን አንድ ቀን አንድ ላይ ባገኛችሁ ሳምቡሳውን እኔ እችላለሁ።

ከሠላምታ ጋር፣
የማይመለከተው

ግልባጭ፦
ለተጠባባቂ ቡድን መሪው እና ለወደፊቱ የውድድሩ አሸናፊ (አንድ ቅጂ ይበቃል)
ለማስታወቂያ ሰሌዳው (ቁልፉ ሲገኝ)